የአባቷ ድቤ በየሚሞሪው

ሁለት ነበርን። ሰው «ባንዱስ የት አለ?» ብሎ ሲጠይቀኝ ኦርጋኑን አሳየው ነበር። ከበሮ መቺውም፣ ቤዝ ጊታሩም፣ ሳክስፎኑም እዚያ ሳጥን ውስጥ ናቸው፤ ምሳ አይጠይቁም፣ አይሰክሩም፣ አይጣሉም። የምንጣላው እኔና እሷ፣ ዘፋኟ፣ ብቻ ነን። ይህን የምጽፈውም ስለ አንድ ጥል ነው፤ ከዚያ ጥል በኋላ ሁለት ሆነን እንቀር ወይ እኔ ብቻዬን ከነሳጥኔ እቀር እንደሆነ ሳላውቅ ስለከረምኩበት ጊዜ። ስለ ዝና እንዳላወራ ዝናችን ከውርጌሳ እስከ ወልድያ ካለው መንገድ አላለፈም።

አስራ ሁለተኛ ክፍል ጨርሼ ፈተናውን ወደቅኩ። በእኛ ዓመት ያለፈው በጣት የሚቆጠር ስለነበር አላፈርኩም። የከበደኝ ቤት መዋል ነው። እናቴ «አንች ልጅ መቀመጫሽ ላይ እሾህ አለ እንዴ?» ትለኝ ነበር። መጨረሻ ላይ ሰልችቷት ለወንድሟ ሰጠችኝ። አጎቴ መርሳ ላይ ከዋናው መንገድ ዳር ስልክ መጠገኛ ሱቅ አለው። ስክሪን መቀየሩን፣ የቻርጅ ቀዳዳ ማጽዳቱን፣ ሽቦ መበየዱን ቶሎ ለመድኩት። እጄ እስከሠራ ድረስ አፌም ልክ ይገባል፤ እናቴም ይህን ታውቅ ኖሯል።

ሱቁ ጥግ ላይ ጆንያ የለበሰ ኦርጋን ነበር። ከጦርነቱ በፊት አንድ የሰርግ ዘፋኝ ለጥገና አምጥቶት እንደወጣ ቀረ። ሱቁ በተዘረፈ ጊዜ ስልክ የተባለ ሁሉ ሲሄድ እሱ ብቻ ከቦታው አልተነቃነቀም። ለምን እንደተረፈ አጎቴን ስጠይቀው «ስድስት ቁልፉ አይሠራማ። ሌባም ጆሮ አለው» አለኝ። አምስቱን አዳንኳቸው። ስድስተኛው እስከዛሬ አይናገርም፤ ጣቴ እሱን መዝለል ለምዷል። ባለቤቱ ቢመጣ እመልስለታለሁ። እስኪመጣ ግን የማይነካ ዕቃ ይዝጋል ብዬ መምታት ጀመርኩ።

ከእሷ ጋር ከዘጠነኛ ክፍል ጀምሮ አንድ ወንበር ላይ ነበር የምንቀመጠው። የእስላም ልጅ ናት፤ ቤታቸው ከእኛ ቤት ሦስት አጥር ወረድ ብሎ ነው። ድምጿ ወፍራም ነው። ሴት ልጅ ድምጿ እንደ ክር ካልቀጠነ የማይወዱ ሰዎች አይወዱትም፤ እኔ ስሰማው ጀርባዬን ይነዝረኛል። ክራር ትመታለች። ከተሰበረ ስልክ ላይ ያወጣኋትን ማይክ ክራሯ ሆድ ውስጥ በይጄ ከአጎቴ አሮጌ አምፕሊፋየር ጋር ሳገናኘው ክራሩ ዳገት እንደያዘ አይሱዙ አጓራ። አጎቴ «አቃጠልሽው» ብሎ ሮጠ። እሷ ግን ዓይኗን ጨፍና ደግማ መታችው።

በዚያ ሰሞን በስልኳ ሁለት ፈረንጆች አሳየችኝ። አንዱ ኦርጋን ላይ አጎንብሶ ቀና አይልም፤ አንዷ ማይክ ይዛ ትጮኻለች። ከኋላቸው መብራት እንጂ ሰው የለም።

«አየሽ? ሁለት ሰው ይበቃል» አለችኝ።

«ሁለት ሰውና መብራት ኃይል» አልኳት።

የቀረው ፈቃድ ነበር። እናቷ ሞተዋል፤ ያሳደጓት አባቷ ናቸው። እሳቸው ደግሞ ሰፈሩ የሚያውቃቸው ድቤ መቺ ናቸው። ሐሙስ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ ጎረቤቱ እሳቸው ቤት ተሰብስቦ ዱዓ ይደረጋል፣ መንዙማ ይባላል፤ ድቤዋን የሚመቱት እሳቸው ናቸው። ከልጅነቴ ጀምሮ በራፋቸው ላይ፣ ጫማ የሚወልቅበት ቦታ ተቀምጬ ቆሎ እየቆረጠምኩ ሰምቻለሁ። ማንም ተነሽ ብሎኝ አያውቅም። ስለዚህ ፈቃዱን ልጠይቅ የሄድኩት እኔ ነኝ፤ እሷ ፈራች።

«ልጄ ሰርግ ላይ ትዝፈን ነው የምትይኝ?» አሉኝ።

«አዎ አባባ።»

«ማን ይመልሳታል?»

«እኔ። እስከ በራችሁ።»

«መጠጥ አለበት።»

«ከእኔ ጎን ነው የምትቆም። እኔ ደግሞ ጠላ እንኳ ሆዴን ይነፋኛል።»

ሳቅ አሉ። ከዚያ ግድግዳው ላይ ወደተሰቀለችው ድቤ ዞሩ። የድቤዋ ቆዳ በአንድ ጎኑ ተቀዶ በፍየል ቆዳ ተጥፏል፤ ስትመታ ከዱሙ በኋላ እንደ ንብ ዝዝ ትላለች። በዚያች ዝዝታ ከሩቅ ትታወቃለች።

«ዱንያውን ዝፈኑ» አሉ። «ፍቅሩንም፣ ሰርጉንም፣ ያሻችሁን። ይችን ግን አትንኩብኝ። እሷ የዘፈን አይደለችም።»

«እሺ» አልኩ። እሺ ማለት መቼ ይከብደኛል። ሳጥኔ ውስጥ አርባ ዓይነት ከበሮ እያለ የእሳቸው ምን ይሠራልኛል ብዬ።

*

በእኛ አገር ሰርግ ሁለት ድንኳን ነው። ክርስቲያን ቢድር ለእስላም ጎረቤቱ፣ እስላም ቢድር ለክርስቲያን ጎረቤቱ ሌላ ድንኳን ይጥላል። በሬው ለየብቻ ይታረዳል፣ ወጡ ለየብቻ ይሠራል፣ ጭፈራው ላይ ግን ሁሉም ይቀላቀላል። እኛም እንደዚያው ነበርን። ምሳ ሲሆን እሷ ወደ አንዱ፣ እኔ ወደ ሌላው ድንኳን እንሄድና ስንመለስ ሥራችን መተቻቸት ነው።

«የእናንተ ወጥ ቅቤው ያስፈራል» ትለኛለች።

«የእናንተ ሩዝ ላይ ዘቢብ ምን ይሠራል?» እላታለሁ።

ደጋሾች ወደዱን። ከሁለቱም ድንኳን አንድ አንድ ሰው የያዘ ባንድ ነበርና ማንም ቀረብኝ አይልም። ሲሪንቃ ዘፈንን፣ ውርጌሳ ዘፈንን። ስም ነበረን፤ ማንም አልያዘው። «የጥገና ቤቷ ልጆች» ነው የሚሉን።

ሰርግ ላይ የምንጫወተው የሰርግ ዘፈን ነው። የራሳችንን የምንሠራው በጾም ነበር። ዐቢይ ጾም ሲገባ የክርስቲያን ሰርግ የለም፤ ረመዳን ሲገባ የእስላሙ የለም፣ እሷም ከነጭራሹ አትዘፍንም። በቅርቡ ዓመታት ሁለቱ ጾሞች እየገጠሙ አገሩ ጸጥ ሲል እኛ ሥራ አገኘን። እሷ ግጥም ትጽፋለች፣ እኔ በሱቁ ላፕቶፕ ላይ ድምፅ እቆርጣለሁ፣ እለጥፋለሁ። ድምጿን የምንቀዳው ከዒድ በኋላ ነው። የዘፈንን ግማሽ ያለ ዘፋኝ መሥራት ለምጄ ነበር። አሁን ሳስበው ችግሩ የጀመረው እዚያ ነው፤ ብዙውን ነገር ብቻዬን መወሰን ለመድኩ።

ዘፈኖቻችን እንግዳ ነበሩ። ዜማው አምባሰል ነው፣ ከሥሩ ግን ኦርጋኑ እንደ ጄኔሬተር ይንቀጠቀጣል፣ ክራሩ ያጓራል። ማን ይሰማዋል? ለዚህ የሱቃችን ሥራ ረዳኝ። በገበያ ቀን ከሀብሩ ገጠር የሚወርደው ገበሬ ስልኩ ቁልፍ ያለው ትንሽ ስልክ ነው። ሚሞሪውን አውጥቶ ጠረጴዛው ላይ ያደርግና «ሙይልኝ» ይላል። ምን ልሙላ? ትዝታ፣ አምባሰል፣ መንዙማ፣ መዝሙር፣ እንደየሰዉ። እኔ ታዲያ መሀል ላይ የእኛን አንድ ሸጎጥ አደርግበት ጀመር። ማንንም አልጠየቅኩም።

መጀመሪያ የመጣው አቤቱታ ነው። አንድ ሽማግሌ በሁለተኛው ገበያ ስልካቸውን ይዘው መጡ።

«አንች ልጅ፣ ስልኬን አበላሸሽው። እንደ ወፍጮ ይጮኻል።»

«አልተበላሸም አባባ። ዘፈን ነው።»

«ይሄ?» ጆሯቸው ላይ አድርገው እንደገና ሰሙት። «ሴትዮዋ ድምፅ አላት። ምናለ ከወፍጮ ቤት ብታወጧት።»

ቀስ በቀስ ግን ለመደ። ሲሪንቃ ምርምር ጣቢያው ማሳ ላይ የሚያርሙ ሴቶች በመቀነታቸው ሸጉጠው እያሰሙት ሲሠሩ አየሁ። ወደ ውርጌሳ ስንሄድ የሚኒባሱ ሹፌር የእኛኑ ዘፈን ከፍ አድርጎ «የማን እንደሆነ አይታወቅም፣ ዝም ብሎ ስልኬ ላይ ተገኘ» አለን። እሷ በክርኗ ጎኔን ወጋችኝ። ከዚያ የተሻለ ቀን በሕይወቴ አላስታውስም።

ወልድያ ላይ አንድ ሆቴል ግቢ ውስጥ ቅዳሜ ከሰዓት ተጋብዘን የራሳችንን ዘፈኖች ብቻ ተጫወትን። ወጣቱ ስልኩን ወደ ላይ አንሥቶ ይቀርጸናል። እሷ ክራሯን እንደ ጊታር ወደ ታች አውርዳ ስትመታው ያዩ ሁለት ሴቶች ወንበር ላይ ወጡ። ስንጨርስ እዚያው ከተማ ቀረጻ የሚሠራ ሰውዬ መጣና «ድምፁ ግሩም ነው፣ ክራሩም ግሩም ነው» አለን። እኔ ቀጣዩን ስጠብቅ «ከበሮው ግን የቻይና ነው። ከየት እንደመጣችሁ አይናገርም» ብሎኝ ሄደ።

ያች ቃል እንደ እሾህ ገባችብኝ። አርባውንም ከበሮ ደጋግሜ ሰማኋቸው፤ እውነቱን ነው፣ ሁሉም የቻይና ናቸው። ጀሪካን መታሁ፣ በርሜል መታሁ፣ የሱቁን በር መታሁ። አጎቴ «ጎረቤት ሳይከሰን ተይ» አለኝ። የሚቀጥለው ጾም ገባ። ረመዳን ነበረና እሷ ዝም ብላለች። አንድ ሐሙስ እንደልማዴ በራፋቸው ላይ ተቀመጥኩ፤ ስልኬ ነጠላዬ ውስጥ ነበር፣ መቅጃው ተከፍቷል።

አራት ምት ብቻ ነው የወሰድኩት። ቆርጬ ደጋገምኳት። ላፕቶፑ ላይ ስትዞር ዘፈኑ በአንዴ እግር አወጣ፤ ሲሰሙት መርሳ ነው፣ አቧራው ሳይቀር ይሸታል። ዝዝታዋን የክራሩ ጉርምርምታ ሸፈናት። ደስታዬ ልክ አልነበረውም፤ የማሳየው ሰው ስለሌለ ለአጎቴ አሳየሁት። «ጥሩ ነው» አለና ስልክ መፍታቱን ቀጠለ።

ከዒድ በኋላ ድምጿን ልንቀዳ ስትመጣ የጆሮ ማዳመጫ አድርጌላት ነበር። ቶሎ አወለቀችው።

«ይሄን ከየት አመጣሽው?»

«ከኢንተርኔት።»

«የእኛን ይመስላል።»

«ድቤ መቼም ድቤ ነው፣ ይመሳሰላል» አልኳት። ፊቴን አየችው። ከዚያ አመነችኝ፤ ከዘጠነኛ ክፍል ጀምሮ ዋሽቻት አላውቅም ነበርና። በሚቀጥለው ገበያ ዘፈኑን በየሚሞሪው መሸጎጥ ጀመርኩ።

*

ሰርጉ ሐራ ነበር፤ ዳግማዊ ትንሣኤ አልፎ፣ ጠራራ ፀሐይ። የሚድሩት ክርስቲያን ናቸው፣ የእስላም ድንኳኑ ግን ከእነሱው ድንኳን ይሰፋ ነበር። ሙሽሮቹ ከገቡ በኋላ አንድ ወጣት መጥቶ «ያችን በስልክ ያለችዋን ተጫወቱልን» አለ። ሰርግ ላይ የራሳችንን ተጠይቀን ስንጫወት የመጀመሪያችን ነው። እሷ ኩራቷን መደበቅ አልቻለችም። ከፈትኩት። ሞንታርቦው ትልቅ ነበር፤ መሬቱ ራሱ ተንቀጠቀጠ፣ ሰው ሁሉ ትከሻውን ይዞ ገባ።

ሁለተኛው ግጥም ላይ የክራሯ ጅማት ተበጠሰ። አዲስ ነገር አይደለም፤ ሁልጊዜ ሲበጠስ እኔ እይዝላታለሁ፣ እሷ ትቋጥራለች። ኦርጋኑን ለቅቄ ጅማቱን ልይዝ ጎንበስ አልኩ። የቀዳኋት ድቤ ብቻዋን እየዞረች ቀረች። ምንም የሚሸፍናት የለም። ዱም፣ ዝዝ። ዱም፣ ዝዝ። ያን በሚያህል ሞንታርቦ።

ከእስላሞቹ ድንኳን አንድ ሽማግሌ ተነሡ። ሊጨፍሩ መስሎኝ ነበር። እጃቸውን ደረታቸው ላይ አድርገው፣ ዓይናቸውን ከድነው በነቢዩ ላይ ሰለዋት አወረዱ። ከጎናቸው ሌላም ተነሡ፣ ሌላም። የሐሙስ ሰዎች ናቸው፤ ከመርሳ ለሰርግ የመጡ የአባቷ ጓደኞች። ድቤዋ ስትጠራቸው መነሣት ልማዳቸው ስለሆነ ተነሡ። ከዚያ የመጀመሪያው ሽማግሌ ዓይናቸውን ገለጡ። የሚዘለውን ወጣት አዩ፣ የቢራ ጠርሙሱን አዩ፣ እኔን አዩ። ቀስ ብለው ተቀመጡና ኮፍያቸውን አወለቁ። ቢቆጡ ይቀለኝ ነበር። እሳቸው ግን አፈሩ፤ ራቁታቸውን እንደተያዙ ሰው።

እሷ የጅማቱን ጫፍ በጥርሷ እንደያዘች ታየኛለች። ከአፏ አወጣችውና ማይኩን በእጇ ሸፍና «አጥፊው» አለችኝ።

አጠፋሁት። የሰው ሰርግ ነው፤ ደጋሾቹ ምን በደሉ? እሷ ክራሯን መሬት አስቀምጣ፣ በእጇ እያጨበጨበች የሙሽራ ዘፈን አወጣች። ያለ እኔ፣ ያለ ሳጥኑ። ሰው ተቀበላት። እስከ መጨረሻው ድረስ እንዲያ አድርጋ አስጨፈረቻቸው፤ እኔ የጠፋ ኦርጋን ፊት ቆሜ ዋልኩ።

በሚኒባሱ ከፊት ተቀመጠች፣ እኔ ከኋላ ከሞንታርቦው ጋር። ቃሌ ቃሌ ነውና እስከ በራቸው ሸኘኋት። በሩን ሳትከፍት ዞረች።

«ከኢንተርኔት ነው ያልሽኝ።»

«አዎ።»

«አሁንም ከኢንተርኔት ነው?»

«አይደለም።»

«የራሳችሁን ከበሮ ለምን አልቀዳሽም? ቤተ ክርስቲያናችሁ እኮ ከእኛ ቤት ይቀርብሻል።»

መልሱን አውቀው ነበር፤ ለመናገር ግን ያሳፍራል። የእኛን ከበሮ ልቅዳ ብል ቄሱ በመቋሚያ ያባርሩኛል። እሳቸውን እፈራለሁ። አባቷን ግን አልፈራቸውም፤ ቆሎ ሲሰጡኝ ነው ያደግኩት። የሰረቅኩት የማልፈራውን ሰው ነው።

*

አልመጣችም። የተቀበልናቸውን ሁለት ሰርጎች ሰረዝኩ። ስደውልላት ታነሣና «ሥራ ላይ ነኝ» ትላለች፤ ሥራ እንደሌላት አውቃለሁ፣ እሷም እንደማውቅ ታውቃለች። ብቻዬን ልሠራ ሞከርኩ። ያለ እሷ ድምፅ ሳጥኑ የጥገና ዕቃ ሆኖ ቁጭ አለ። አጎቴ ሦስተኛው ሳምንት ላይ «ሂጂና የአባቷን ጉልበት ሳሚ» አለኝ። «እንዲህ ፊትሽን ጥለሽ የምትፈቺውን ስልክ እኔ ነኝ ደግሜ የምገጥመው።»

ሐሙስ ያልሆነ ቀን መርጬ ሄድኩ። አባቷ ከቤቱ ጥላ ሥር ተቀምጠው ነበር። ጉልበታቸውን ልስም ስጎነበስ ትከሻዬን ያዙኝ።

«መጀመሪያ ልስማው» አሉኝ። «ሰው ሁሉ የሰማውን እኔ ብቻ አልሰማሁም።»

ስልኬን አውጥቼ ከፈትኩት። እስከ መጨረሻው ሰሙት። መጀመሪያ ጣታቸው ጉልበታቸው ላይ አብሮ ይመታ ነበር፤ መሀል ላይ ቆመ።

«የሚመታው ማነው?» አሉኝ።

«አንቱ ነዎታ፣ አባባ።»

«እኔ እንዲህ አልመታም። ይሄ አይደክመውም።» ስልኩን መለሱልኝ። «ሰው ሲመታ፣ ልጄ፣ መጀመሪያ ይፈጥናል። ከዚያ ክንዱ ይዝላል። ተቀባዩ መዛሉን ያይና ድምፁን ከፍ አድርጎ ይደርስለታል። መንዙማ ልብ የሚገባው ያን ጊዜ ነው። ይሄ ሰውዬ ማንንም አይፈልግም። ብቻውን ነው።»

እኔ የመጣሁት ለመሰደብ ተዘጋጅቼ ነበር። ይህን ስሰማ አለቀስኩ፤ ማልቀስ አይሆንልኝም፣ አፍንጫዬ ነው የሚፈሰው።

«አባባ፣ ይቅር ይበሉኝ።»

«እኔ ብዬሻለሁ፣ አላህም ይበልሽ። ግን ስንት ሰው ኪስ ውስጥ ናት?»

«አላውቅም።»

«እንግዲያው እወቂ።»

ልነሣ ስል ሳልጠይቃቸው ጨመሩ። «ስለ ልጄ እኔን አታማልጂኝ። የዋሸሽው እሷን ነው።»

በሚቀጥለው ገበያ ካርቶን ላይ በትልቁ ጻፍኩ፤ እዚህ ሚሞሪ ያስሞላ ሰው ይምጣ፣ በነጻ ይሞላለታል። ማንበብ የማይችለውን እየጠራሁ ነገርኩት። ሚሞሪውን እከፍታለሁ፣ ዘፈናችንን አጠፋለሁ፣ በምትኩ የፈለገውን አደርግለታለሁ። ለምን እንደማጠፋው ለእያንዳንዱ ሰው መናገር ነበረብኝ። ያ ነው የከበደኝ።

«የእነ እገሌን ድቤ ሳላስፈቅድ ወስጄ ነው» እላለሁ።

«ምናለ ታዲያ?» አለ አንድ ገበሬ። «በሬዎቼ ለምደዋት። እሷን ካልከፈትኩ ቀንበር አይገቡም።»

«ሌላ ዘፈን እሰጥሃለሁ።»

«በሬዎቹ ይጠየቁ እንግዲህ» አለና ሰጠኝ።

አንዳንዱ ሳቀብኝ። አንድ ከውርጌሳ የመጡ እናት ግን ሚሞሪያቸውን ሰጥተውኝ ሲያበቁ «ይችን መቼ ነው የምታጠፊልን ስል ነበር፤ ለመንገር አፍሬ ነው» አሉኝ። እስላም ናቸው። ለካ ያወቁ ነበሩ፤ እኔን ላለማሳፈር ዝም ብለው ኖሯል። ከዚያ ቀን በኋላ ሰው እስኪመጣ አልጠበቅኩም፤ ሲሪንቃም፣ ሐራም ላፕቶፑን አዝዬ ሄድኩ። ሁሉንም አልሰበሰብኩም። ከስልክ ወደ ስልክ በብሉቱዝ ያለፈውን ማን ይደርስበታል? አሁንም የሆነ ማሳ ላይ፣ የሆነ በሬ ጆሮ ሥር ድቤዋ እየተመታች ይሆናል። አሁንም ሳስበው ያመኛል።

አራተኛው ገበያ ላይ ሱቁ በሰው ተጨናንቆ ጎንበስ ብዬ ስሠራ አንድ እጅ ከጎኔ የሚሞሪ ማንበቢያውን አነሣ። እሷ ናት። ሰላም አላለችኝም። አጠር ያለችውን በርጩማ ስባ ተቀመጠችና የሚቀጥለውን ሰው «አምጡ አባባ» አለች። ሰልፉ እስኪያልቅ ሁለታችን ሠራን። እሷ ሚሞሪውን ትቀበላለች፣ ምን እንደሚፈልጉ ትጠይቃለች፤ እኔ አጠፋለሁ፣ እሞላለሁ። ገበያው ሲበተን ነው ወደ እኔ የዞረችው።

«ከላፕቶፑስ አጠፋሽው?»

«አጥፍቻለሁ። ሁሉንም። አንድ ነገር አልቀረም።»

«ድምፄንም?»

«ሁሉንም አልኩሽ እኮ።»

የሚሞሪ ማንበቢያውን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠች።

«የእኔን ድምፅ አጥፊ ያለሽ ማነው?»

ላፕቶፑን ከደንኩት።

«ግጥሙን አንድ ወር ሙሉ ጾም ይዤ የጻፍኩት እኔ ነኝ» አለች። «አንች መቼም ስትሰርቂም ሳትጠይቂ ነው፣ ስትመልሽም ሳትጠይቂ ነው።»

አጎቴ ከፊት ጠረጴዛ ሆኖ ሳቁን በሳል ሊሸፍን ሞከረ። እኔም ሳቄ መጣ፤ እሷ ግን አልሳቀችም፣ ስለዚህ ዋጥኩት።

«ምን ላድርግ?» አልኳት። ይህን ጥያቄ ከዚያ በፊት ጠይቄያት እንደሆነ ለማስታወስ ሞክሬ አጣሁ።

መልሷን አስባበት ነበር የመጣችው። «እንደገና እንቀዳዋለን። ሳጥኑ ኦርጋኑን ይጫወት። ከበሮ ግን አይመታም። የምትመቺ አንች ነሽ፣ በእጅሽ፣ ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ። መቁረጥ የለም፣ መለጠፍ የለም።»

«ምን ልምታ?»

ወደ ጥጉ አየች። የውሃ ጀሪካኑ፣ ቢጫው፣ ባዶውን ነበር።

እዚያው ከሱቁ ጀርባ፣ ፀሐይ ሳትጠልቅ ጀመርን። ኦርጋኑን ለብቻው እንዲዞር ለቀቅኩት፣ ጀሪካኑን በጉልበቴ ያዝኩት። የመጀመሪያው ግጥም ላይ እጄ ቸኮለ፤ ሁልጊዜም እቸኩላለሁ። ሁለተኛው ላይ መዳፌ ቀላ። ሦስተኛው ላይ ክንዴ እንደ እርጥብ ጨርቅ ሆነ፤ ምቱ ወደ ኋላ መጎተት ጀመረ፣ ኦርጋኑ ጥሎን ሄደ። ላቆም ስል ዓይኗን አየሁት። እሷም ዜማዋን ወደ እኔ ምት አዘገመች፣ ድምጿን ከፍ አድርጋ ደረሰችልኝ። እጇን ዘርግታ ኦርጋኑን አጠፋችው።

አጎቴ አንገቱን በኋላ በር ብቅ አደረገ። «ተበላሸ እንዴ?»

«አልተበላሸም» አለች ከሁለት ስንኝ መሀል። «ደክሟት ነው።»

መዝፈኗን ቀጠለች፣ እኔም መምታቴን።